የፎቶግራፉ መግለጫ የዘለላት ሴት ስሟ ቴሬሳ ሃሪስ ነው

ለተከበራችሁ የጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፦

በቅርቡ በኪነ ጥበብ ዓምዳችሁ ስለ ቀድሞው የሆሊዉድ ፊልም ያወጣችሁትን ሰፊ ጽሑፍ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንብቤዋለሁ። ጸሐፊው ዘመኑን በሚገባ አጥንቶ እንደ ጻፈ ያስታውቃል፤ እንዲህ ያለ ጽሑፍ በአማርኛ ብዙ ጊዜ ስለማይገኝ ምስጋናዬን አስቀድማለሁ። ይህን ደብዳቤ የምጽፈው ግን በጽሑፉ መካከል ስለታተመው ፎቶግራፍ ነው። በፎቶግራፉ ላይ ሁለት ወጣት ሴቶች ይታያሉ፤ አንዷ ነጭ፣ አንዷ ጥቁር። ከሥሩ ያለው መግለጫ «ባርባራ ስታንዊክ ከአንዲት ገረድ ጋር» ይላል፤ ከዚያ በላይ የሚለው ነገር የለም። «አንዲት ገረድ» የተባለችው ሴት ቴሬሳ ሃሪስ ትባላለች። በ30 ዓመት ገደማ የሥራ ዘመኗ ወደ 90 በሚጠጉ ፊልሞች ውስጥ የታየች፣ ድምፀ መልካም የሆነች፣ መደነስም የምትችል ተዋናይት ነበረች። ስለ እርሷ የማውቀውን ለአንባቢዎቻችሁ ላካፍልና መግለጫው እንዲታረም ልጠይቅ እወዳለሁ።

እኔ የፊልም ባለሙያ አይደለሁም። በሎስ አንጀለስ ከተማ አረጋውያንን በየቤታቸው እየተንከባከብኩ የምተዳደር ሰው ነኝ። ከቴሬሳ ሃሪስ ጋር ያስተዋወቁኝ በሌሊት ፈረቃ ለ4 ዓመት ያህል የተንከባከብኳቸው አንዲት ጥቁር አሜሪካዊት እናት ናቸው። እንቅልፍ እንቢ ሲላቸው የድሮ ፊልም የሚያሳይ የቴሌቪዥን ጣቢያ ከፍተን አብረን እናይ ነበር። እያደር አንድ ነገር አስተዋልኩ። የፊልሙ ባለታሪክ ማንም ይሁን ማን፣ አንዲት ቀጠን ያለች ጥቁር ሴት ትሪ ይዛ ወይም የእንግዳ ካፖርት ልትቀበል ብቅ ስትል፣ እኚህ እናት ቀኝ እጃቸውን ከብርድ ልብሱ ሥር ያወጡና በጣታቸው ወደ ቴሌቪዥኑ እያመለከቱ «ቴሬሳ» ይላሉ። ሴትዮዋ በሩን ዘግታ እስክትወጣ ድረስም እጃቸውን አያወርዱም። አንዳንዴ ይህ ሁሉ ከ10 ሴኮንድ አይበልጥም ነበር። የመሪዎቹን ተዋናዮች ስም ግን አንድም ሌሊት ሲጠሩ አልሰማሁም። እኚያ እናት ካረፉ 2 ዓመት ሆኗቸዋል፤ እኔም ስለ ቴሬሳ ማንበብና ፊልሞቿን እየፈለግሁ ማየት የጀመርኩት ከዚያ ወዲህ ነው።

ቴሬሳ ሃሪስ የተወለደችው በቴክሳስ ግዛት በሂዩስተን ከተማ፣ እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 31 ቀን 1906 ነው። ቤተሰቧ ገና በልጅነቷ ወደ ደቡብ ካሊፎርኒያ ስለመጣ ያደገችው እዚሁ ሎስ አንጀለስ ነው፤ በጀፈርሰን ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ተምራለች፣ ከዚያም ሙዚቃ አጥንታለች። ላፋየት ፕሌየርስ በተባለው የጥቁሮች የቲያትር ቡድን በቀረበው «አይሪን» በተሰኘ ሙዚቃዊ ተውኔት ላይ ርዕሰ ገጸ ባሕርይዋን ሆና ተጫውታለች። ይህን የማነሣው ያለ ምክንያት አይደለም፤ ቴሬሳ ወደ ፊልም የመጣችው በመድረክ ላይ መሪ ሆና መጫወትን ከተማረች በኋላ እንደሆነ አንባቢ እንዲያውቅልኝ ነው። እ.ኤ.አ. በ1929፣ የድምፅ ፊልም ገና አዲስ በነበረበት ጊዜ፣ ጆሴፍ ፎን ስተርንበርግ ባዘጋጀው «ታንደርቦልት» ውስጥ በምሽት ክበብ ስትዘፍን እናያታለን። የዚያን ጊዜ ዕድሜዋ 22 ዓመት ነበር።

እናንተ ያተማችሁት ፎቶግራፍ የተወሰደው እ.ኤ.አ. በ1933 ከወጣው «ቤቢ ፌስ» ነው። ስለዚህ ፊልም ትንሽ ዘርዘር አድርጌ መናገር አለብኝ፤ ምክንያቱም ቴሬሳን «ገረድ» ብሎ ማለፍ ከሁሉ ይበልጥ የሚከብደው በዚህ ፊልም ላይ ነው። ባርባራ ስታንዊክ የምትጫወታት ሊሊ በፔንሲልቬንያ ግዛት በኢሪ ከተማ በድብቅ መጠጥ የሚሸጥ ሰው ልጅ ናት። ቴሬሳ የምትጫወታት ቺኮ ደግሞ በዚያው ቤት ትሠራለች። አባትየው ቺኮን ተቆጥቶ ሊያባርራት ሲነሣ፣ ሊሊ እርሷ ከሄደች እኔም እሄዳለሁ ትለዋለች፤ አባትየውም ዝም ይላል። የመጠጥ ማውጫው ፈንድቶ አባትየው ከሞተ በኋላ ሁለቱ ሴቶች በዕቃ ጫኝ ባቡር ተደብቀው ወደ ኒው ዮርክ ይጓዛሉ። በጉዟቸው መካከል የባቡሩ ሠራተኛ ደርሶባቸው ሊያስወርዳቸው ሲል ሊሊ ራሷን ሰጥታ ጉዟቸውን ታስቀጥላለች፤ ቺኮም ፈቀቅ ብላ «ሴንት ሉዊስ ብሉዝ» የተባለውን ዘፈን ታንጎራጉራለች። ያንን ትዕይንት ብዙ ጊዜ መላልሼ አይቼዋለሁ። ትዕይንቱን የሚሸከመው የቴሬሳ ድምፅ ነው፤ እዚያ ጨለማ ውስጥ የሚሆነውን ሁሉ፣ ሳይነገር የቀረውን ጭምር፣ ተመልካቹ የሚረዳው በእርሷ እንጉርጉሮ ነው።

ኒው ዮርክ ከደረሱ በኋላ ሊሊ በአንድ ባንክ ውስጥ ከወንድ ወደ ወንድ እየተሸጋገረች፣ ከፎቅ ወደ ፎቅ እየወጣች ሀብታም ትሆናለች። ቺኮም የገረድ ልብስ ትለብሳለች። ያን ልብስ ስትለብስ ግን የሁለቱ ወዳጅነት አይቋረጥም፤ ሰው በሌለበት ጊዜ የሚነጋገሩት እንደ ጓደኛ ነው። በዚያ ዘመን አንዲት ጥቁርና አንዲት ነጭ ሴት አብረው ተርበው፣ አብረው ተሰደው፣ አብረው ሲያልፍላቸው ማየት እጅግ ብርቅ ነበር። የኒው ዮርክ የሳንሱር ቦርድ ፊልሙን አላሳልፍም በማለቱ ስቱዲዮው ብዙ ቦታ ቆርጦና ቀይሮ አወጣው። ሳይቆረጥ የተቀመጠው ቅጂ የተገኘው እ.ኤ.አ. በ2004 በአሜሪካ የምክር ቤት ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ነው፤ በዓመቱም ፊልሙ በአገሪቱ የፊልም ቅርሶች መዝገብ ላይ ሰፈረ። ዛሬ የፊልም ተማሪዎች ስለዚህ ሥራ ሲነጋገሩ ስለ ቺኮ ሳያነሡ አያልፉም።

በዚያው በ1933 የወጡ ሌሎች ሁለት ፊልሞችም አሉ። «ሆልድ ዩር ማን» በተሰኘው፣ ጂን ሃርሎና ክላርክ ጌብል በሚመሩት ፊልም ቴሬሳ ሊሊ ሜ የተባለች የሴቶች ማረሚያ ቤት ታራሚ ሆና፣ ከነጮቹ ታራሚዎች ጋር አብራ ትታያለች። በፊልሙ መጨረሻ ሁለቱን ነጭ ፍቅረኞች የሚያጋባቸው ሰባኪ የሆነው የሊሊ ሜ አባት ነው። ስቱዲዮው ይህን የደቡብ ግዛቶች ተመልካች እንዳይቆጣበት ፈርቶ ያንኑ ትዕይንት በነጭ ቄስ ደግሞ ቀርጾታል። «ፕሮፌሽናል ስዊትሃርት» በተሰኘው ደግሞ የሬዲዮ ዘፋኝ የሆነችው የጂንጀር ሮጀርስ ገረድ ቬራ ናት፤ ዘፋኟ ሥራዋን ጥላ ስትጠፋ በእርሷ ምትክ ማይክሮፎኑ ፊት ቆማ የምትዘፍነው ቬራ ናት። ታሪኩ ካለ እርሷ አይቋጭም። በፊልሙ መግቢያ ላይ በተዘረዘሩት ተዋናዮች መካከል ግን የቴሬሳ ሃሪስ ስም የለም።

በዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ የደብዳቤዬ ጉዳይ ይኸው ነውና። በዛሬ ፊልሞች መጨረሻ ላይ ምግብ ያቀረበው ሰው እንኳ ሳይቀር ስሙ እየተንሸራተተ ያልፋል። በዚያ ዘመን ግን እንዲህ ያለ ዝርዝር አልነበረም። የተዋናዮች ስም የሚጻፈው በፊልሙ መግቢያ ላይ፣ አንዳንዴም ከ«መጨረሻ» በኋላ ባለች አንዲት ገጽ ላይ ነበር፤ በዚያች ገጽ ላይ የሚሰፍሩት ጥቂት ስሞች ናቸው፤ ማን ይገባል፣ ማን ይቀራል የሚለውን የሚወስነውም ስቱዲዮው ነው። በትንንሽ ሚና የሚጫወቱ ሁሉ የመቅረት ዕጣ ነበራቸው፤ ጥቁሮቹ ግን ትልቅ ሚና ይዘው እንኳ ይቀሩ ነበር። ታዲያ ስማቸው እንዴት እስከ ዛሬ ደረሰ? በከፊል በጋዜጣ ነው። እዚህ ሎስ አንጀለስ ይታተም የነበረው ካሊፎርኒያ ኢግልና በሌሎች ከተሞች የነበሩ መሰሎቹ የጥቁሮች ጋዜጦች፣ የትኛዋ ተዋናይት በየትኛው ስቱዲዮ ምን ሥራ እንዳገኘች እየተከታተሉ ይዘግቡ ነበር። ትልቁ ጋዜጣ የማይጽፈውን ትንሹ ጋዜጣ ጽፎ አቆየው። ይህን ለጋዜጣ አዘጋጅ መንገር ለቀባሪው ማርዳት እንዳይሆንብኝ እሰጋለሁ፤ ሆኖም ሳላነሣው ማለፍ አልቻልኩም።

ቴሬሳ ራሷም የደረሰባትን በዝምታ አልተቀበለችም። እ.ኤ.አ. በ1937 ጥቁሮች ብቻ በሚጫወቱበት «ባርጌን ዊዝ ቡሌትስ» በተሰኘ ፊልም ላይ ከራልፍ ኩፐር ጋር በመሪነት ከሠራች በኋላ ለጋዜጠኛ በግልጽ ተናግራለች። በሆሊዉድ ከገረድ ሚና በላይ ከፍ የማለት ዕድል አግኝታ እንደማታውቅ፣ በየትኛውም በኩል ቢታይ የቆዳዋ ቀለም እንቅፋት እንደሆነባት፣ ምኞቷ ግን ተዋናይት መሆን እንደነበረ ነው የተናገረችው። በወቅቱ የ30 ዓመት ሴት ነበረች፤ በነጋታው ተመልሳ ሥራ የምትለምነውም እነዚያኑ ስቱዲዮዎች ነበር። ያን ቃል ያን ጊዜ መናገር ምን ያህል ድፍረት እንደሚጠይቅ፣ በሰው እጅ እንጀራ የበላ ሰው ያውቀዋል።

ከዚያ በኋላም ትሪና መጥረጊያ አልቀረላትም። እ.ኤ.አ. በ1938 «ጄዘበል» ላይ የቤቲ ዴቪስ አገልጋይ፣ በ1941 «ዘ ፍሌም ኦፍ ኒው ኦርሊንስ» ላይ የማርሌን ዲትሪሽ አገልጋይ ሆናለች። በ1940 በወጣው «ባክ ቤኒ ራይድስ አጌን» ላይ ከኮሜዲያኑ ኤዲ አንደርሰን ጋር ስትዘፍንና ስትደንስ የሚያይ ሰው፣ እነዚያ እግሮች ቀሪውን ጊዜ ለምን ሻይ ሲያመላልሱ እንደኖሩ ይገርመዋል።

ዣክ ቱርነር የተባለው ፈረንሳይ ተወልዶ በሆሊዉድ የሠራ ዳይሬክተር በ5 ዓመት ውስጥ 3 ጊዜ አሠርቷታል። እ.ኤ.አ. በ1942 «ካት ፒፕል» ላይ የትንሽ ምግብ ቤት አስተናጋጇ ሚኒ ናት፤ በ1943 «አይ ዎክድ ዊዝ ኤ ዞምቢ» ላይ አልማ የተባለች የቤት አገልጋይ ናት፤ በ1947 «አውት ኦፍ ዘ ፓስት» ላይ ደግሞ ዩኒስ የተባለች ሴት ናት። እነዚህን ሚናዎች የምወዳቸው ቴሬሳ እንደ ማንኛውም ሰው ጥርት ባለ እንግሊዝኛ ስለምትናገርባቸው ነው፤ በሌሎች ብዙ ፊልሞች ላይ ጥቁር አገልጋይ እንዲንተባተብና ዓይኑን እንዲያጉረጠርጥ ይገደድ ነበር።

ዩኒስ የምትታይበት ትዕይንት አንድ ብቻ ነው፤ ጥቂት ደቂቃ ቢሆን ነው። ሮበርት ሚቸም የሚጫወተው የግል መርማሪ አንዲት የጠፋች ሴት እየፈለገ የጥቁሮች የምሽት ክበብ ይገባል። ዩኒስ የዚያች የጠፋች ሴት አገልጋይ የነበረች ናት፤ አሁን ግን በሥራ ላይ አይደለችም። ከወንድ ጓደኛዋ ጋር ጠረጴዛ ይዛ፣ አምራ ለብሳ፣ እንደ ደንበኛ ተቀምጣለች። በዚያ ክበብ ውስጥ እንግዳው ነጩ ሰውዬ ነው፤ ፈቃድ ጠይቆ የሚያነጋግራትም እርሱ ነው። እመቤቷ የት እንደሄደች ሲጠይቃት ረጋ ብላ ፍሎሪዳ ትለዋለች፤ ክትባት ወስዳ አሟት እንደነበረም ታነሣለታለች። መርማሪውም ለፍሎሪዳ ክትባት እንደማያስፈልግ፣ ለሜክሲኮ ግን እንደሚያስፈልግ ተረድቶ መንገዱን ወደዚያ ያቀናል። የፊልሙ ታሪክ በሙሉ የሚዞረው በዚያች ጠረጴዛ ዙሪያ በተነገረው ቃል ነው። ለእኔ ደግሞ ከዚያም በላይ ነበር። ያን ሌሊት አብረውኝ ያዩት እናት ጣታቸውን አነሡ፤ ቴሬሳ ግን ከተቀመጠችበት ስላልተነሣች እርሳቸውም እጃቸውን ሳያወርዱ ቆዩ። የዚህም ፊልም መግቢያ የቴሬሳን ስም አይጠራም።

ዕድሜ ልኳን ገረድ ሆና የተጫወተች ሴት ለወገኖቿ ክብር ምን አተረፈች የሚል ሰው ሊኖር ይችላል። ይህ ክርክር በዘመኗም ነበር። እ.ኤ.አ. በ1942 የጥቁሮች መብት ማኅበር መሪ የነበሩት ዋልተር ዋይት ሆሊዉድ ድረስ መጥተው ጥቁሮች በአገልጋይነት ብቻ መታየታቸው እንዲቀር ስቱዲዮዎቹን ጠይቀዋል፤ በዚያ ሥራ ይተዳደሩ የነበሩ ተዋናዮች በበኩላቸው የተሻለው ሚና ሳይመጣ ያለው ይቀርብናል ብለው ተከፍተዋል። ሁለቱም ወገን እውነት ነበረው። እኔ የምለው የገረድ ሚና መስጠቱ የስቱዲዮው ነውር እንጂ የተጫወተችው ሴት ነውር አይደለም ነው። በዚያ ጠባብ ሚና ውስጥ ሙሉ ሰው ሆና መታየቷ ደግሞ የራሷ ሙያ ነው።

ቴሬሳ ሃሪስ ሐኪም አግብታ፣ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ መጨረሻ ላይ ፊልሙን ትታ በሰላም ኖረች፤ ከፊልም ያገኘችውን ገንዘብ በወጉ ይዛ ስለነበር ሆሊዉድ እንደ ጣላቸው ብዙዎች አልተቸገረችም። ያረፈችው እ.ኤ.አ. ጥቅምት 8 ቀን 1985 በ78 ዓመቷ በኢንግልዉድ ነው። የተቀበረችው እዚህ ሎስ አንጀለስ ውስጥ በዋሽንግተን ጎዳና በሚገኘው ኤንጀለስ ሮዝዴል መካነ መቃብር ነው። እ.ኤ.አ. በ1940 ኦስካር በመሸለም የመጀመሪያዋ ጥቁር የሆነችው ሃቲ ማክዳንኤልም፣ ስትመኘው የነበረው የሆሊዉድ መካነ መቃብር በቆዳዋ ቀለም ምክንያት ስላልተቀበላት፣ በዚያው ሮዝዴል ነው ያረፈችው። ወደ ሥራ ስሄድ አውቶቡሱ በአጥሩ ጥግ ያልፋል። እ.ኤ.አ. በ2011 ሊን ኖቴጅ የተባለችው ታዋቂ ጸሐፊ ተውኔት «ቤቢ ፌስ»ን አይታ በቴሬሳ ሕይወት መነሻነት ተውኔት ስትጽፍ፣ ስሟ እንደገና በሰፊው መነሣት ጀመረ።

ይህ ጉዳይ የአማርኛ አንባቢን ምን አገባው ለሚሉ አንድ ነገር ልጨምር። ወደ አሜሪካ ከመምጣቴ በፊት በአንድ ዐረብ አገር ለ3 ዓመት በሰው ቤት ሠርቻለሁ። የቤቱ እመቤት ስሜ ለአፏ ስላልተመቻት በመጀመሪያው ሳምንት ሌላ ስም አወጣችልኝ፤ 3 ዓመት ሙሉ በዚያ ስም «አቤት» ስል ኖርኩ። እንደ እኔ የኖሩ፣ ዛሬም እንዲያ እየኖሩ ያሉ እህቶቻችን ብዙ ናቸው፤ ከእነርሱም መካከል ይህን ጋዜጣ የሚያነቡ አሉ። «ከአንዲት ገረድ ጋር» የሚለውን መግለጫ ሳነብ ጋዜጣውን አጥፌ ለጥቂት ጊዜ ማስቀመጥ ግድ ሆኖብኛል።

የአገራችንንም ፊልም ቢሆን በዚህ ዓይን እንድታዩት እለምናለሁ። በአማርኛ ፊልሞች ውስጥ በር የምትከፍት፣ ቡና የምታፈላ፣ ተመልካቹን የምታስቅ የቤት ሠራተኛ አትጠፋም። ስለ ፊልሙ በምትጽፉት አስተያየት ግን የመሪዎቹ ስም ብቻ ይወጣል። ያቺን ልጅ ማን እንደ ተጫወተቻት በአንዲት መስመር ብትጽፉ ቦታ አያጣብብም፤ ከ50 ዓመት በኋላ ስሟን ለሚፈልግ ሰው ግን የሚገኘው ምናልባት እናንተ ዘንድ ብቻ ይሆናል።

የምጠይቀው እርማት አጭር ነው። በሚቀጥለው እትማችሁ ያንኑ ፎቶግራፍ፣ በትንሹም ቢሆን፣ መልሳችሁ አትማችሁ ከሥሩ እንዲህ ብትሉልኝ ይበቃኛል፦ «ከግራ ወደ ቀኝ፦ ባርባራ ስታንዊክ እና ቴሬሳ ሃሪስ፣ ቤቢ ፌስ፣ እ.ኤ.አ. 1933።»

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር
የዘወትር አንባቢያችሁ
ከሎስ አንጀለስ